ኮንቴይነሩ ገላን ሳይደርስ፦ ማሸጊያ ክፍሉን ወደ አውቶማቲክ ስትቀይሩ ሠራተኛውን እንዴት ትይዛላችሁ?

ከዓመታት በፊት የምሠራበት ፋብሪካ አውቶማቲክ የማካሮኒ ማሸጊያ አዘዘ። ኮንቴይነሩ ጅቡቲ ደረሰ ሲባል አለቆቻችን ቸኮሉ። ከማሸጊያ ክፍል ሃያ ምናምን ሴቶች ተሰናበቱ። «ማሽኑ ከመጣ ቁጭ ብለው ምን ይሠራሉ?» ነበር ምክንያቱ። ማሽኑ መጣ፣ ተተከለ። የሻጩ ቴክኒሻን አምስት ቀን ቆይቶ ሄደ። በሳምንቱ ማሽኑ ቀጥ አለ። ስክሪኑ ላይ የሚወጣው ጽሑፍ ቻይንኛ ነው። የገባን ቀዩ መብራት ብቻ ነበር።

እኔ የሰው ኃይል ኃላፊ ነበርኩ። የዚያ ወር ዋና ሥራዬ ያሰናበትናቸውን ሴቶች እየደወልኩ «እባካችሁ ተመለሱ» ማለት ሆነ። ግማሾቹ ጎረቤት ፋብሪካ ገብተዋል። የመጡትም በድሮው ደመወዝ አልመጡም። እውነታቸውን ነው።

በኋላ ሌላ ፋብሪካ ተቀጥሬ ያንኑ ሥራ እንደገና ሠራሁት። በዚህኛው ቅደም ተከተሉን አስተካከልን። ከታች የምጽፈው እሱን ነው። ከአቃቂ ወደ ገላንና ዱከም ስትወጡ፣ ወይም በሰበታና በሰንዳፋ በኩል ስታልፉ የምታዩዋቸው ብዙ ፋብሪካዎች ማምረቻቸው ማሽን፣ ማሸጊያቸው ግን እጅ ነው። ሚዛን፣ የላስቲክ ማሸጊያ፣ ካርቶን፣ ስኮች። ምሳሌዬ ማካሮኒ ነው። ሳሙናም ሆነ ዱቄት ብታሽጉ አካሄዱ ብዙ አይለይም።

1. ወሬው ሳይቀድማችሁ ተናገሩ

ፕሮፎርማ መሰብሰብ በጀመራችሁበት ሳምንት ሠራተኛው ይሰማል። ጥበቃው «ሰዎች መጥተው ክፍሉን በሜትር ለኩ» ይላል። ሹፌሩ መኪና ውስጥ የሰማውን ይጨምርበታል። የጎደለውን ደግሞ እያንዳንዱ ራሱ ይሞላዋል። የሚሞላው ደግሞ ሁልጊዜ በክፉው ነው።

ስለዚህ ማሽኑ ከመታዘዙ በፊት ሰብስቡና ንገሩ። የሚናገረው ባለቤቱ ወይም ሥራ አስኪያጁ ይሁን። እኛን የሰው ኃይል ሰዎችን ብቻ ከላኩን ሠራተኛው «ደብዳቤ ሊሰጡን ነው» ብሎ ነው የሚሰማን። በእኛ አካባቢ በአማርኛም በአፋን ኦሮሞም መነገር አለበት። ሰሌዳ ላይ ወረቀት መለጠፍ መናገር አይደለም። የሠራተኛ ማኅበር ካላችሁ ሊቀመንበሩ ከሌላው ሠራተኛ ቀድሞ ይስማ። ከሌላችሁም ሠራተኛው የሚያምናቸውን ሁለት ሦስት ሰዎች አስቀድማችሁ አነጋግሩ።

አራት ጥያቄ ይመጣባችኋል። ማን ይቀነሳል? ገንዘቤ ይነካል? ሌሊት መሥራት ሊመጣ ነው? መቼ? መልሱ የሌላችሁን ጥያቄ «በዚህ ቀን እነግራችኋለሁ» በሉና በዚያ ቀን ተገኙ። እርግጠኛ ሳትሆኑ «ማንም አይነካም» እንዳትሉ። ያቺ ዓረፍተ ነገር በኋላ በእያንዳንዱ ስብሰባ ትጠቀስባችኋለች።

2. ሥራውን በሰው ሳይሆን በእጅ ቁጠሩት

«አሻጊ፣ 24 ሰው» የሚል ዝርዝር ምንም አይነግራችሁም። ደብተር ይዛችሁ ሦስት ቀን ክፍሉ ውስጥ ተቀመጡ። አንዷ ጠዋት፣ አንዷ ከሰዓት፣ አንዷ ደግሞ መብራት የጠፋ ዕለት እጇ ምን እንደሚሠራ ጻፉ።

እኔ ስጽፍ የገረመኝ ነገር ነበር። ሴቶቹ የሚመዝኑና የሚያሽጉ ብቻ መስሎኝ ነበር። ለካ የተሰባበረውን ማካሮኒ ይለቅማሉ። ላስቲኩ ሲቃጠል ከሽታው ያውቁታል። ማካሮኒው በደንብ ሳይደርቅ ከመጣ እጃቸው ይነግራቸውና ወደ ማድረቂያ ክፍል ሰው ይልካሉ። ይህን ሁሉ ማንም አዝዟቸው አያውቅም። የሥራ መዘርዝራቸው ላይም የለም። ማሽኑ ይመዝናል፣ ይሞላል፣ ያሽጋል፣ ቀን ያትማል። እርጥብ ማካሮኒ ቢመጣለት ግን በጥንቃቄ መዝኖ፣ አሳምሮ አሽጎ ይሰጣችኋል።

ከቆጠራው በኋላ ሂሳቡ ይለወጣል። በእኛ ቆጠራ ማሽኑ የሚወስደው የ16 ሰው ሥራ ነበር። የ8 ሰው ሥራ እንዳለ ይቀራል። ለሁለት ሺፍት ደግሞ አዲስ ሥራ ይፈጠራል፦ ኦፕሬተር፣ የላስቲክ ጥቅል የሚቀይር፣ ናሙና የሚመዝን፣ የሚያጸዳ። እሱ 8 ሰው ፈለገ። ስለዚህ ትርፍ የሚሆነው 16 ሳይሆን 8 ሰው ነው። ከዚያ ቀን ጀምሮ ማሸጊያ ክፍል በለቀቀ ሰው ምትክ መቅጠር አቆምን። ማሽኑ እስኪመጣ 5 ሰው በራሱ ፈቃድ ለቀቀ። የቀሩት 3 ወደ መጋዘን ተዛወሩ። አንድም የስንብት ደብዳቤ አልጻፍኩም።

3. የግዢ ውሉ ላይ የሰው ኃይልም ይቀመጥ

ይህ ወንበር ብዙ ጊዜ አይሰጠንም። ለምኑና ተቀመጡ። የምትጠይቁት ነገር አለ።

ስልጠናው «5 ቀን» ተብሎ ብቻ አይጻፍ። ማሽኑ በራሳችሁ ምርት መሥራት ከጀመረ በኋላ የሚቆጠር 5 ቀን ይባል። ከሁለት ወር በኋላም ቴክኒሻኑ አንድ ጊዜ ተመልሶ ይምጣ። እውነተኛው ጥያቄ የሚፈጠረው ያኔ ነው። የስክሪኑ ቋንቋ ቢያንስ እንግሊዝኛ ይሁን። የብልሽት መልእክቶቹ ሙሉ ዝርዝርም ማሽኑ ከመላኩ በፊት ይላክላችሁ፤ ቁጭ ብላችሁ ታስተረጉሙታላችሁ። የፒኤልሲው ፕሮግራም ቅጂና የይለፍ ቃሉ የመጨረሻው ክፍያ ከመፈጸሙ በፊት እጃችሁ ይግባ። ፒኤልሲ ማለት የማሽኑ አእምሮ ነው። ቅጂው ከሌላችሁ አንዲት ካርድ ስትቃጠል ውጭ አገር ያለ ሰው ስልኩን እስኪያነሳ ትጠብቃላችሁ።

ከፍታውንም ንገሯቸው። ሞተርና ኢንቨርተር (የሞተሩን ፍጥነት የሚቆጣጠረው ዕቃ) በአብዛኛው ሙሉ ጉልበታቸው የሚሰላው እስከ 1,000 ሜትር ከፍታ ነው። ከዚያ በላይ አየሩ ስለሚሳሳ በደንብ አይቀዘቅዙም። በየ100 ሜትሩ 1 በመቶ ያህል አቅም ይቀነስላቸዋል። ገላን ከ2,000 ሜትር በላይ ነው፤ ሰንዳፋ ደግሞ ከዚያም ይበልጣል። ኮምፕሬሰሩም የሚስበው ስስ አየር ነው። የሰው ኃይል ሰው ይህን ለምን ያወራል ትሉ ይሆናል። ሞተሩ እየጋለ ሲቆም መጀመሪያ የሚወቀሰው ኦፕሬተሩ ስለሆነ ነው። ማሽኑ ሲገዛ የተሠራን ስህተት በማስጠንቀቂያ ደብዳቤ ለመጠገን የሞከረ ኃላፊ አይቻለሁ።

4. ኦፕሬተሩን መጀመሪያ ከዚያው ክፍል ፈልጉ

የተለመደው አካሄድ ማስታወቂያ አውጥቶ ዲግሪ ያለው ልጅ መቅጠር ነው። በዲግሪ ላይ ቅሬታ የለኝም። ቂሊንጦ የሚገኘው የአዲስ አበባ ሳይንስና ቴክኖሎጂ ዩኒቨርሲቲ ቅርባችን ነው። ከዚያ ለልምምድ የሚመጡ ተማሪዎች ሽቦና ሴንሰር ላይ ብዙ ይረዳሉ። ከቴክኒክና ሙያ የወጣ፣ ሲኦሲ (የሙያ ብቃት ምዘና) ያለፈ ኤሌክትሪሺያን በየሺፍቱ አንድ ያስፈልጋችኋል። ግን ቀኑን ሙሉ ማሽኑ አጠገብ የሚቆመው ሰው ምርቱን የሚያውቅ ይሁን። አዲስ ተመራቂ እዚያ ቦታ ላይ ይሰለቻል። የሥራ ልምድ ወረቀቱን ወስዶ ይሄዳል።

አንድ ነገር ልንገራችሁ። ማሽኑ በተተከለ በሦስተኛው ቀን ዘጠኝ ዓመት ሚዛን ላይ የቆየች አንዲት ሴት አንድ ከረጢት አንስታ «ይሄ ከብዷል» አለች። የሻጩ ቴክኒሻን ስክሪኑን አሳያት፤ 500 ግራም ይላል። እሷ አሮጌውን ሚዛን አመጣች። 504። ሌላም መዘነች፤ 504። ለካ የማሽኑ ሚዛን የተስተካከለው እዚያው የተሠራበት አገር ነበር። እዚህ ከተተከለ በኋላ በመመዘኛ ድንጋይ መስተካከል ነበረበት። ማሽኑ በደቂቃ 40 ከረጢት ያሽጋል። በ8 ሰዓት 19,200 ከረጢት ማለት ነው። በ4 ግራም አባዙት፤ በአንድ ሺፍት 77 ኪሎ ያህል ማካሮኒ በነጻ ስናድል ልንከርም ነበር። ያቺ ሴት የመጀመሪያዋ ኦፕሬተራችን ሆነች።

ለምርጫ የምጠቀመው ፈተና ቀላል ነው። የተጣበቀ የእጅ ማሸጊያ እሰጥና ዝም ብዬ አያለሁ። መጀመሪያ ሶኬቱን የሚነቅል ሰው አንድ ነጥብ አለው። ያልገባውን የሚጠይቅ ሌላ ነጥብ። ሳያስተካክል «ጨርሻለሁ» የሚል ይቀነስበታል። ማንበብና መጻፍ ግድ ነው። አሥራ ሁለተኛ ክፍል ግን ግድ አይደለም። «ሴት ማሽን አትነካም» የሚሉ መካኒኮች ያጋጥሟችኋል። እዚያው አስቁሟቸው። በኋላ እናየዋለን የሚባል ነገር አይደለም።

5. ስልጠናው ማሽኑ ሲተከል ይጀምር

የተመረጡት ሰዎች ማሽኑ ሲፈታታና ሲገጠም ቁልፍ ያቀብሉ፣ ብሎን ያጥብቁ። የውስጡን ያየ ሰው በኋላ ስክሪን ላይ የሚያየው ሥዕል ይገባዋል። ቴክኒሻኑ የሚያሳየውን ሁሉ በስልክ ቅረጹ። አጭር አጭር ይሁን፤ አንድ ሥራ፣ አንድ ቪዲዮ። የአንድ ሰዓት ቪዲዮ ማንም ተመልሶ አያየውም።

ከዚያ የራሳችሁን ደብተር አዘጋጁ። ለእያንዳንዱ ብልሽት አንድ ገጽ ይበቃል፦ ስክሪኑ ምን ይላል፣ መጀመሪያ ምን ትነካለህ፣ ምን አትነካም፣ ካልሆነ ማንን ትጠራለህ። ቃሉን ከኦፕሬተሮቹ አፍ ውሰዱት። የእኛ ደብተር ላይ «ዓይኑ አቧራ ሲይዘው» የሚል ገጽ አለ። ዓይኑ የሚሉት ሴንሰሩን ነው። የማካሮኒ ዱቄት ስለሚሸፍነው ማሽኑ ያለ ምክንያት ይቆማል። መድኃኒቱ ለስላሳ ጨርቅ ነው። ሌላው ገጽ ኮምፕሬሰሩ ውሃ ሲይዝ ነው። በክረምት በየሺፍቱ ውሃው ካልፈሰሰ በአየር መስመሩ ገብቶ ማሽኑን ያሰቃየዋል።

ቴክኒሻኑ ከመሄዱ በፊት ማሽኑን ሆን ብላችሁ አቁሙት። አየሩን ዝጉ፣ ላስቲኩን አጣሙ፣ ሴንሰሩን በወረቀት ሸፍኑ። ኦፕሬተሯ ብቻዋን ታስነሳው። እሱ እጁን ኪሱ ውስጥ ይክተት። ደኅና ሲሠራ ብቻ ያየች ሰው አልሠለጠነችም።

ለድርድር የማይቀርብ አንድ ደንብ አለ። እጅ ወደ ማሽኑ ከመግባቱ በፊት መብራትና አየር ይዘጋል፣ ማብሪያው ላይ የግል ቁልፍ (ጓጉንቸር) ይንጠለጠላል፣ መክፈቻው በሚሠራው ሰው ኪስ ይገባል። ቁልፉ ለእያንዳንዱ ሰው ለየብቻ ይገዛ። የስልጠና ሰዓትም የሥራ ሰዓት ነው። ከመደበኛው ሰዓት ውጭ ከሆነ እንደ ትርፍ ሰዓት ክፈሉ።

6. ክፍያውን ማሽኑ ሳይነሳ አስተካክሉ

አብዛኛው ማሸጊያ ክፍል በቁጥር ነው የሚከፈለው። ትንሽ መነሻ ደመወዝ፣ ከዚያ በየካርቶኑ ጭማሪ። ለምሳሌ መነሻዋ 3,600 ብር የሆነ ሴት በካርቶን 2,400 ጨምራ 6,000 ይዛ ትወጣለች። ማሽኑ ሲመጣ ካርቶኑ የእሷ አይደለም። መብራት ሲጠፋ ማሽኑ ይቆማል፤ ድሮ ግን በእጅ ታሽግ ነበር። ምንም ሳትናገሩ ደመወዟን በ40 በመቶ ቀነሳችሁ ማለት ነው። ከዚያ «ሠራተኛው ቴክኖሎጂ ይጠላል» የሚል ሪፖርት ይጻፋል። ሠራተኛው የሚጠላው 2,400 ብር ማጣትን ነው።

እኛ ያደረግነው ይህን ነው። የእያንዳንዷን የመጨረሻ ስድስት ወር ገቢ ወስደን አማካዩን አወጣን። ያ አማካይ አዲሱ ቋሚ ደመወዟ ሆነ፣ በደብዳቤ። ፋይናንስ ጮኸ። የ77 ኪሎዋን ማካሮኒ ታሪክ ነገርኳቸው፤ ትንሽ በረዱ።

ከዚያ በላይ ጉርሻ ማድረግ ከፈለጋችሁ በምርት ብዛት ብቻ አታስሉት። ይህን የምለው ተምሬበት ነው። በብዛት ስንከፍል ልጆቹ የማሽኑ በር ሲከፈት ማሽኑን የሚያቆመውን ሴንሰር በስኮች አሰሩት። በሩ ተከፍቶ ማሽኑ ይሠራል። እጅ አለመቆረጡ የአምላክ ሥራ ነው። አሁን የምናሰላው ደኅና በታሸገ ከረጢት ነው፤ ሺፍቱ በሙሉ እኩል ይካፈለዋል። በር ተከፍቶ ከተገኘ የዚያ ወር ጉርሻ የለም።

ማዕረጉም ይለወጥ። «አሻጊ» የነበረችው «የማሸጊያ ማሽን ኦፕሬተር» የሚል ደብዳቤ ይሰጣት። ሦስት እርከን ይበቃል፦ ማሽኑን የምታስነሳና የምታጸዳ፣ ላስቲክ የምትቀይርና ተራ ብልሽት የምትፈታ፣ ሌላ ሰው የምታሠለጥን። በየእርከኑ ጭማሪ ይኑር፤ ፈተናውም ግልጽ ይሁን።

7. ሺፍትና ሰርቪስ

ውድ ማሽን የገዛ ባለቤት ሁለት ሺፍት መፈለጉ አይቀርም። በአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 መደበኛው ሰዓት በቀን 8፣ በሳምንት 48 ነው። እኔ የምመክረው ከጠዋቱ 12 እስከ ቀኑ 8፣ ከ8 እስከ ምሽቱ 4 ነው። ነፍሰ ጡር ሠራተኛ ከምሽቱ 4 እስከ ንጋቱ 12 ሰዓት መመደብ ክልክል ነው፤ ትርፍ ሰዓትም አትሠራም። በዚህ አከፋፈል ሁለቱም ሺፍት ከዚያ ውጭ ይሆናሉ። ትርፍ ሰዓት ቀን 1.5 እጥፍ፣ ከምሽቱ 4 በኋላ 1.75 እጥፍ ነው።

ሰርቪስ ከሌለ ግን ይህ ሁሉ ከንቱ ነው። ምሽት 4 ሰዓት ከገላን ወጥታ ኮዬ ፈጬ የምትገባ ሴት በታክሲ አትመኩባት።

8. መቀነስ የግድ ከሆነ

አዋጁ አዲስ ቴክኖሎጂ ማስገባትን ለሠራተኛ ቅነሳ በቂ ምክንያት አድርጎ ይቀበላል። እንደፈለጉ ማድረግ ግን አይቻልም። ማን እንደሚቀር የሚወሰነው ከማኅበሩ ወይም ከሠራተኛ ተወካዮች ጋር በመመካከር ነው። የሥራ ችሎታና ምርታማነት ቅድሚያ ይሰጠዋል። የሁለት ወር ማስጠንቀቂያም ያስፈልጋል።

ገንዘቡን ቀድማችሁ አስሉት። ስድስት ዓመት ያገለገለች፣ የቀን ደመወዟ 200 ብር የሆነ ሠራተኛ እንውሰድ። ለመጀመሪያው ዓመት የ30 ቀን፣ 6,000 ብር። ከዚያ በኋላ ላለው ለእያንዳንዱ ዓመት የዚያ ሲሶ፤ 2,000 በ5፣ 10,000 ብር። ቅነሳ ስለሆነ ደግሞ የ60 ቀን ተጨማሪ፣ 12,000 ብር። ድምሩ 28,000 ብር ነው፤ ያልወሰደችው የዓመት ፈቃድ ሳይቆጠር። ይህን ቁጥር ለባለቤቱ አሳዩትና «በዚህ ገንዘብ ስንት ወር ልናሠለጥናት እንችላለን?» ብላችሁ ጠይቁት። እኔ ስጠይቅ ዝም ብሎ ወረቀቱን መለሰልኝ። በማግስቱ መጋዘን ክፍት ቦታ እንዳለ ነገረኝ።

9. የመጀመሪያዎቹ ሦስት ወራት

የእጅ ማሸጊያ ጠረጴዛውን አትንቀሉት። ሁለት ሚዛንና ሁለት ማሸጊያ ጥግ ላይ ይቀመጥ። ማሽኑ መቆሙ አይቀርም፤ ያን ቀን ሠራተኛውም ደንበኛውም አይጨነቅ።

ማሽኑ አጠገብ አንድ ደብተር በገመድ ይታሰር። ስንት ሰዓት ቆመ፣ ለምን፣ ማን አስነሳው። በየሳምንቱ አርብ ኦፕሬተሮቹ፣ ኤሌክትሪሺያኑና እናንተ ቡና እየጠጣችሁ አንብቡት። ደብተሩ ማንንም ለመቅጣት አይውል። አንድ ጊዜ ከደብተሩ ተነስታችሁ ደመወዝ ከቆረጣችሁ ከዚያ በኋላ የሚጻፈው «መብራት ጠፋ» ብቻ ነው። እኛ ጋ በሁለተኛው ወር በደብተሩ እንዳየነው ከማቆሚያዎቹ አብዛኛው ያቺው ዓይን ላይ ያለ አቧራ ነበር። በየሁለት ሰዓቱ ማጽዳት ተጀመረ፤ ቀነሰ።

10. ሰው እንደሚሄድባችሁ አስባችሁ ሥሩ

ገላን ውስጥ ማሽን የምታውቅ ልጅ ብዙ አትቆይም፤ በሰርቪስ መኪና ውስጥ ነው የምትታጨው። አንድን ሥራ ቢያንስ ሦስት ሰው ይወቀው። በየወሩ ኦፕሬተሮቹን አቀያይሩ። ፕሮግራሙን የያዘው ፍላሽ አንዱ ካዝና ውስጥ፣ አንዱ ከፋብሪካው ውጭ ይቀመጥ። የምትለቅ ኦፕሬተር የመጨረሻ ሳምንቶቿን ተተኪዋን በማሠልጠን ታሳልፍ፤ ለዚያም ክፈሏት። ተኮራርፋችሁ አትለያዩ።

የእኛዋ ባለ ሚዛን ባለፈው ዓመት ዱከም የተሻለ ደመወዝ አግኝታ ሄደች። ሸኘናት፤ ድፎ ዳቦ ተቆርሷል። ማሽኑ አመል ሲያወጣ ልጆቹ አሁንም ይደውሉላታል። ታነሳለች። በየወሩ የ100 ብር ካርድ እልክላታለሁ፤ ፋይናንስ «ይህ በየትኛው መደብ ይመዝገብ?» ብሎ እስካሁን ይጠይቀኛል።